የኦይታ ቤት ዘበኛ

«ዘበኛችን ነው» አለ ደግፌ።

ኦይታ ይህን ሲሰማ ጓሮ ቆሞ ፊቱን ሳሙና ቀብቶ ነበር። ከቆርቆሮው አጥር ወዲያ የላንድሮቨር ሞተር ይንደቀደቃል። ከመኪናው ውስጥ ሆኖ «ይሄ ሽማግሌ ደግሞ ማነው?» ብሎ የጠየቀው ጓድ ኃይሌ የሚባለው የፓርቲ ሰው ነው። ዓይኑን ሳያሽ የመለሰለት ደግሞ ደግፌ፣ የኦይታ ሚስት የልክነሽ ወንድም ነው። ሽማግሌው የኦይታ አባት ናቸው። አቶ ዳና ይባላሉ፤ ትናንት ቅዳሜ ከደጋው መንደራቸው ከኦቾሎ የወረዱ፣ በሩ አጠገብ ካለችው ፓፓያ ሥር ድንጋይ ላይ ተቀምጠው የማለዳ ፀሐይ ሲሞቁ የነበሩ፣ መኪናው ሲቆም የልጃቸው እንግዳ መጣ ብለው ባርኔጣቸውን አውልቀው የተነሡ ሰው ናቸው። ጓድ ኃይሌ ዘበኛ መሆናቸውን ሲሰማ በመስኮቱ አንድ ሲጋራ ዘረጋላቸው። በሕይወታቸው አጭሰው አያውቁም። ሆኖም ሰው የሰጠውን መመለስ ነውር ነውና በሁለት እጃቸው ተቀብለው፣ «እግዜር ይስጥሽ፣ ጌታዬ!» አሉ። መኪናው ውስጥ ያሉት ሁሉ ሳቁ። ከሁሉም በላይ የሳቀው ደግፌ ነበር፤ «እንግዲህ ሰባት ሰዓት ላይ ለምሳ እንጠብቅዎታለን፣ ጓድ!» እያለ መኪናው እስኪታጠፍ ድረስ እጁን አውለበለበ።

ይሄ የ«ይስጥሽ» ስህተት በአርባ ምንጭ የሚያስቅ ነገር አይደለም። ጋሞኛ ወንዱንም ሴቷንም በአንድ ቃል ይጠራል፤ «አንተ»ና «አንቺ» እዚያ አልተጣሉም፣ ስለዚህም አልተለያዩም። አማርኛን በገበያ የተማረ ሽማግሌ ወንዱን «አንቺ» ቢለው ሰው ገብቶት ያልፋል እንጂ አይቀየምም። ደግፌ ግን ወደዚህ ቤት ከገባ ጀምሮ ራሱን የአማርኛ መምህር አድርጎ ሾሟል። ኦይታ በመሥሪያ ቤት ሃያ ዓመት ሲሠራ የሚጽፈው ቃለ ጉባኤ ከደግፌ ሪፖርት ይልቅ የጠራ ነው፤ ድንጋጤ ሲይዘው ብቻ አንዳንዴ ወንዱን ሴት ያደርገዋል። ያኔ ደግፌ ጉርሻውን አቁሞ «መጣች ሳይሆን መጣ!» ይለዋል፣ በልጁ ፊት። ስለዚህ ኦይታ በገዛ ማዕዱ ላይ መናገር ትቷል።

ታዲያ አባቱን ዘበኛ ሲሉበት ምን አደረገ? ፊቱን ታጠበ። አንገቱን ታጠበ። ጆሮውንም ደጋግሞ ታጠበ፤ የሰማው ነገር በሳሙና የሚለቅ ይመስል። ከዚያ ምክንያት ፈለገ፤ ምክንያት ፈልጎ ያጣበት ቀን የለም። «በችኮላ ያመለጠው ይሆናል» አለ። «ደግሞስ ዘበኝነት ምን ነውር አለው፣ ሥራ ክቡር ነው» አለ። «አባቴ አማርኛ ብዙም አይሰሙ፣ ምን ጎዳቸው» አለ። ኦይታ የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ነው። የመጣለትን ወረቀት ተቀብሎ፣ ቁጥር ሰጥቶ፣ ፋይል ውስጥ ያኖራል፤ ስድብንም እንደዚያው ነበር የሚያኖረው። ልዩነቱ፣ ወረቀቱን አንድ ቀን የሚጠይቅ ባለጉዳይ ይመጣል፤ ስድቡን ግን ጠይቆት የሚያውቅ አልነበረም።

ደግፌ ከጂንካ ተዛውሮ የመጣው የዛሬ አሥራ አንድ ወር ነው። «ቤት እስካገኝ ለሦስት ቀን» ብሎ አንድ ሻንጣ ይዞ ገባ። ውሃ ሲወስድ አሳስቆ ነው። በመጀመሪያው ሳምንት የኦይታን ባለመደገፊያ ወንበር ያዘ፤ ወገቡን ስለሚያመው ነው። በሁለተኛው ወር ሬዲዮኑ ወደ ራስጌው ሄደ፤ ዓለም አቀፍ ሁኔታዎችን ስለሚከታተል ነው። በአራተኛው ወር የዘጠኝ ዓመቷ አስቴር ክፍሏን ለቀቀችለትና ወላጆቿ ክፍል መሬት ላይ ፍራሽ ተነጠፈላት፤ ማታ ማታ ስለሚያጠና ነው። ምን እንደሚያጠና ከማንኮራፋቱ በቀር የሚያውቅ የለም። ቤቱ በላይኛው ከተማ በሴቻ ያለ የቀበሌ ቤት ነው፤ ሳሎንና ሁለት ክፍል፣ ጓሮው ውስጥ የጭቃ ኩሽና፣ ከደጁ ሲቆሙ ታች ቀዩ የአባያ ሐይቅ የሚታይበት። ኪራዩ በወር አሥራ ስምንት ብር ሲሆን የኪራይ ደብተሩ በኦይታ ስም ነው። ባለቤቱን ካልናቁ አጥሩን አይነቀንቁ ይባላል። ደግፌ አጥሩን መነቅነቅ ከተወ ቆይቷል፤ ነቅሎ ጨርሶታል።

የኦይታን አፍ የለጎመው አንድ ወረቀት ነው። በቀይ ሽብር ጊዜ ደግፌ እዚሁ ከተማ የአብዮት ጥበቃ ነበር፤ ያኔ አንድ ቀን ወደ ጆሮው ጠጋ ብሎ፣ «ስምህ ዝርዝር ውስጥ ገብቶ ነበር። ያስሰረዝኩት እኔ ነኝ» አለው። ዝርዝሩን ያየ የለም። ማን እንደጻፈው፣ ለምን እንደጻፈው የሰማ የለም። ስምንት ዓመት ሙሉ ግን ያ ወረቀት በዚህ ቤት ጣሪያ ላይ ተንጠልጥሎ ኖረ፤ ደግፌ ከገባ ወዲህ ደግሞ ወጥ ሲቀጥን ይነሣል፣ ሸሚዝ ሳይተኮስ ሲቀር ይነሣል። ልክነሽም የወንድሟን ውለታ እያሰበች ዝም፣ ኦይታም ነፍሱን እያሰበ ዝም። ዝምታ ለበግም አልበጃት፣ አሥራ ሁለት ሆና አንድ ነብር ፈጃት።

አቶ ዳና ትናንት የወረዱት ለጨዋታ አልነበረም። ዓይናቸው እየደከመ ነው፤ ሰኞ ለሐኪም ሊያሳዩ ነው። ግን ሐኪሙ ሰበብ ነበር። ማታ የቤቱ ሰዎች ሬዲዮ ሲያዳምጡ ኦይታን ወደ መኝታ ክፍሉ ጠርተው፣ በጀርባቸው ተሸክመው ያመጡትን ጥቅል ፈቱ። ወፍራም፣ ንጹሕ ነጭ ቡሉኮ ነበር፤ ጥለቱ ጠባብ፣ ድርና ማጉ እንደ ጣት ጥፍር የተሳካ። በጋሞኛ ሲናገሩ አቶ ዳና የሚያስቅ ሽማግሌ አልነበሩም፤ አደባባይ ላይ ቆመው ሰው የሚያስታርቁ፣ ቃላቸውን የሚመዝኑ ሰው ነበሩ። «ይህ ከሸማኔ ጉድጓዴ የወጣ የመጨረሻ ሥራዬ ነው» አሉት። «ከእንግዲህ ክሩ አይታየኝም። የሚለበስ አይደለም። ቀኔ ሲደርስ የምገነዝበት ነው። የሚያኖረው ደግሞ የሚቀብረኝ ነው። ታናናሾችህ እኛ ጋ ይቀመጥ አሉኝ። የለም፣ ኦይታ በኩር ነው፣ ቤትም አለው አልኳቸው። መገነዣዬ በሰው እጅ ከገባ ግን አንተም በዚያ ቀን ኦቾሎ አትውጣ። ወጥተህ ምን ይዘህ ትቆማለህ?» ኦይታ ጥቅሉን ስሞ ቁም ሣጥኑ አናት ላይ አኖረው። ለልክነሽ አልነገራትም፤ የሞት ወሬ ማታ አይወራም ብሎ አሳደረው።

ቁርስ ላይ ዳቦና ሻይ ቀረበ። የቀበሌው ስኳር ለወሩ ሁለት ኪሎ ብቻ ነው፤ ደግፌ በየስኒው ሦስት ማንኪያ ያደርጋል፣ ሌላው በአንድ ያማስላል። ስለ ምሳው ብቻ ነበር የሚያወራው። ስድስት ሰው ምሥራቅ ጀርመን ለኮርስ ሊላክ ነው፤ ስም የሚያስተላልፈው ጓድ ኃይሌ ነው። ዶሮዋ በአምስት ብር ከሃምሳ ተገዝታለች፣ ዓሣና ቢራ ደግሞ ኦይታ ከታችኛው ከተማ ከሲቀላ ያመጣል። አስቴር ዳቦዋን እየቆረሰች ሁሉንም አዳመጠችና፣ «አባዬ፣ አያቴ ዘበኛ ናቸው እንዴ?» አለች።

ልክነሽ የሻይ ማንቆርቆሪያውን አንሥታ ባዶ መሆኑን እያወቀች ስኒዋ ላይ ደፋችው። ኦይታ ስኒው ውስጥ አየ። ደግፌ ግን አልደነገጠም፤ «ለእንግዳ የሚባልና ለቤተሰብ የሚባል ይለያያል። ስታድጊ ይገባሻል» አላት። አስቴር ግን አጎቷን አልጠየቀችም፤ አባቷን ነው የጠየቀችው፤ ዓይኗም ከአባቷ ላይ አልተነሣም። ኦይታ ዘንቢሉን አንሥቶ ወጣ። ከልጁ ዓይን ሸሽቶ ዓሣ ሊገዛ የሄደ ሰው ከእርሱ በፊት ካለ አላውቅም።

ቁልቁለቱን በእግሩ ወረደ። ግንቦት ነው፤ ሌሊት የጣለው ዝናብ ሲቀላን ጭቃ አድርጓታል፣ ፀሐዩ ደግሞ ከወዲሁ ይጠብሳል። አንድ ትልቅ ዓሣ በብር ከሃምሳ ገዛ፤ ቢራ ፈልጎ ሦስት ቤት ዞሮ ስድስት ጠርሙስ አገኘ። ሊመለስ ሲል በረንዳ ላይ የሚሸምነው ካሱ ጠራው። ካሱ የኦቾሎ ልጅ፣ የልጅነት ጓደኛው ነው። እግሩን ከጉድጓዱ ሳያወጣ፣ መወርወሪያውን እያመላለሰ፣ «አባ ዳና ወርደዋል አሉ። መቼም ሳሎን ላይ እንደ ንጉሥ አስቀምጠሃቸዋል» አለው።

«ደህና ናቸው» አለ ኦይታ።

«ያንንም ነገር ላንተ ማምጣታቸውን ሰማን። ኦቾሎ ሌላ ወሬ የለም። ወንድሞችህ አኩርፈዋል፤ ግን ልክ ነው፤ ቤት ያለህ አንተ ነህ።»

ቤት ያለህ አንተ ነህ! ኦይታ ይህን ቃል ከቢራው ጋር ተሸክሞ ወደ ሴቻ ተሳፈረ። ካሱ ቢሰድበው ይሻለው ነበር። አፈረ፤ በእውነት አፈረ፤ ጠዋት በሳሙና ያጠበው ጆሮ አሁን እንደ ፍም ጋለበት። እንደሚናገርም ወሰነ። መቼ? እንግዶቹ ከሄዱ በኋላ። የት? ጓሮ፣ ሰው በሌለበት። ምን ብሎ? ይህን ገና አላሰበበትም። የኦይታ ውሳኔ ሁልጊዜ እንዲህ ነበር፤ ከፊርማ በቀር ሁሉ የተሟላለት ደብዳቤ።

ስድስት ሰዓት አልፎ ደረሰ። ሳሎኑ ተጠርጓል፣ ግድግዳው ላይ የነበረው የልክነሽ የማርያም ሥዕል ወርዷል፣ በቦታው የሦስት ጢማሞች ሥዕል ተሰቅሏል። ሶፋው ላይ ደግሞ፣ ያረጀውን ልብሱን ሸፍኖ፣ ነጩ ቡሉኮ ተነጥፏል። ኦይታ ዘንቢሉን እንደያዘ በሩ ላይ ቀረ።

«ጥሩ ነገር ደብቃችሁ ነበር እናንተ!» አለ ደግፌ፣ የቡሉኮውን ጫፍ በመዳፉ እያስተካከለ። «ሶፋው አሳፋሪ ነበር። ይኸው አማረበት።»

የኦይታ አፍ ተከፈተ። ከዚያ እንደገና ምክንያት መጣለት፤ አንድ ሰዓት ቢቀመጡበት ምን ይሆናል፣ ሲሄዱ አንሥቼ አራግፌ አኖረዋለሁ። አፉ ተዘጋ። በጓሮው በር ሲመለከት አባቱን አያቸው፤ ኩሽናው ውስጥ ከጭሱ ሥር ዱካ ላይ ተቀምጠዋል፣ ዱላቸው ጉልበታቸው ላይ ነው። «ዘበኛ ከእንግዳ ጋር አይቀርብም» ብሎ ደግፌ እኅቱን አዟታል። ልክነሽ ግን ከዶሮው ወጥ ፈረሰኛውን አውጥታ፣ በእንቁላል አጅባ፣ ለአማቷ ኩሽና ውስጥ ስታቀርብ ኦይታ አየ። እርሷ እንኳ አንድ ነገር ማድረጓን ሲያይ ዓሣውን አስረክቦ እጁን ሊታጠብ ሄደ። ይህ ሰው መታጠብ ይወዳል።

ጓድ ኃይሌ በሰባት ሰዓት ተኩል ከሾፌሩና ከአንድ ጓዱ ጋር ገባ። ሙሉ ስሙ ኃይለመስቀል ነው፤ ፓርቲው ሲመሠረት መስቀሉን አራግፎ ኃይሉን ብቻ ይዞ ቀረ። ባለፈው ሐሙስ አዳራሽ ውስጥ ሁለት ሰዓት ቆሞ፣ ሃይማኖት የጭቁኖች ማደንዘዣ መሆኑን፣ አጉል እምነት ከሥሩ መነቀል እንዳለበት አስተምሯል፤ ኦይታም ከኋላ ተቀምጦ አጨብጭቧል። አሁን ሶፋው መሐል ቡሉኮው ላይ ተዘርግቶ ተቀመጠ። ደግፌ ባለመደገፊያውን ወንበር ያዘ። ኦይታ በርጩማ ላይ ሆኖ ቢራ ከፈተ፣ ሰሐን አቀረበ፣ በገዛ ቤቱ ውሃ አስታጠበ። ስለ ጥጥ ዋጋ ተወራ፣ ስለ ሰፈራ ተወራ፣ ስለ ሰፊው ሕዝብ ብዙ ተወራ። ሰፊው ሕዝብ ግን ኩሽና ውስጥ ጭስ እየሞቀ ነበር። ጓድ ኃይሌ ወጡን እያማሰለ ፈረሰኛውን ፈለገ፣ አጣው፣ ባያገኘውም አልተናገረም።

ከሦስተኛው ጠርሙስ በኋላ መዳፉን ቡሉኮው ላይ አሳረፈ። ጫፉን አንሥቶ በጣቶቹ አሸው። «ይሄ እጅ ነው!» አለ። «እንዲህ ያለ ሥራ አሁን የለም። እኔ ነገ ጨንቻ ስብሰባ አለብኝ። እዚያ ላይ ብርዱ አጥንት ይሰብራል።»

ደግፌ ከወንበሩ ሲነሣ አየሩ ላይ የቆመ ነበር የሚመስለው። «ከወደዱትማ የእርስዎ ነው፣ ጓድ! ምን ጥያቄ አለው!» አለና ቡሉኮውን ከሶፋው ላይ ገፎ፣ በአንድ እጁ አራግፎ፣ በጓድ ኃይሌ ትከሻ ላይ ጣለው። እንደ ሙሽራ አድርጎ በደረቱ ላይ አጣፋለት። ሁለት እርምጃ ወደ ኋላ ብሎ አየውና፣ «በጤና ይልበሱት!» አለ።

ኦይታ ተነሣ። ድፍረት አልነበረም፤ ውሸት ለምን ይወራል፤ ጉልበቱ ራሱ ነው ያነሣው። አባቱ ነገ ጨንቻ ሲሄዱ በሐሳቡ አያቸው። የሰው ትከሻ ላይ ሆነው፣ በላንድሮቨር፣ ለስብሰባ። ከዚያም ኦቾሎ ላይ ሰው ሁሉ ተሰብስቦ፣ ሬሳው ተኝቶ፣ ወንድሞቹ «አምጣ» ሲሉትና እጁ ባዶ ሲሆን አየ። ምክንያት ፈለገ፤ በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ አጣ። በሩ ላይ አስቴር ቆማለች።

«ጓድ» አለ፣ «አውልቂው።»

ደግፌ የለመደበት ነገር ነውና ሳያስብ ጮኸ፤ «አውልቂው አይባልም! ያውልቁት ነው የሚባለው!»

«ያውልቁት» አለ ኦይታ፣ እርማቱን ተቀብሎ። «ጓድ ደግፌም ያውልቁት ብሏል። የአባቴ መገነዣ ነው።»

«የምን?» አለ ጓድ ኃይሌ።

«መገነዣ። ሲሞቱ የሚገነዙበት። ራሳቸው የሸመኑት። ጠዋት ሲጋራ የሰጧቸው ሽማግሌ፣ አባቴ ናቸው። ኩሽና ውስጥ አሉ። ሁሉንም እየሰሙ ነው።»

ጓድ ኃይሌ እንዴት እንደተነሣ የሚያስረዳ ሳይንስ የለም። «በስመ አብ!» አለ፣ «በስመ አብ ወወልድ!» አለ፤ ከግንባሩ እስከ ደረቱ፣ ከትከሻ ትከሻ ሦስት ጊዜ አማተበ፤ ቡሉኮውን እንደ እባብ ከላዩ ወረወረው። ከስሙ ላይ የወረደው መስቀል በአንድ አፍታ ተመልሶ ወጣበት። ሾፌሩ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዙሮ ትከሻው ብቻ ይንቀጠቀጥ ነበር። ጓዱ ጫማውን አየ። ጓድ ኃይሌ እጁን ሳይታጠብ፣ ማንንም ሳይሰናበት፣ ልብሱን በሁለት እጁ እያራገፈ ወጣ፤ ደግፌም «ጓድ! ጓድ! አላወቅሁም!» እያለ እስከ መኪናው ተከተለው። መኪናው አልጠበቀውም። በፓርቲ ሰዎች ፊት ያማተበ ሰው የዚያን ቀን ምሳ ለማንም አያወራም፤ ኦይታ ይህን የተረዳው በኋላ ነው፤ ያኔ ግን ቡሉኮውን ከወለሉ ላይ አንሥቶ ያጥፍ ነበር። ጥለቱ አጠገብ የወጥ ጠብታ ነክቶታል።

ደግፌ ተመልሶ ሲገባ ፊቱ አመድ መስሎ ነበር። «ምን እንዳደረግህ ታውቃለህ?» አለ። «ጀርመኔን ቀበርካት! አንተ ውለታ ቢስ! ያኔ እኔ ስምህን ከዝርዝሩ ባላስሰርዝ ኖሮ…»

«የትኛው ዝርዝር?» አለ ኦይታ።

«የትኛው ትላለህ?»

«ቁጥሩ ስንት ነው?»

«የምን ቁጥር?»

«የደብዳቤው። ቁጥርና ቀን የሌለው ደብዳቤ የለም። መቼ ተጻፈ? ማን ፈረመበት? ግልባጩ ለማን ሄደ?» ቃላቱ ቀጥ ብለው ወጡ፤ በመዝገብ ቤቱ መስኮት ለሃያ ዓመት ለባለጉዳይ ሁሉ የተናገራቸው ቃላት ናቸውና መንገዱን ያውቁታል። «ስሜ ተሰርዞ ከሆነ የተሰረዘበት ቃለ ጉባኤ አለ። አምጣውና ልየው። ካላመጣኸው፣ ጋሼ ደግፌ፣ ዝርዝር የለም።»

ደግፌ ወደ እኅቱ ዞረ። ልክነሽ ሰሐን ታነሣ ነበር፤ ቀና አላለችም። ስምንት ዓመት የቆየ ወረቀት በአንድ ጥያቄ ተቀደደ፣ ደግፌም ኮቱን አንሥቶ፣ «ጓድን አግኝቼ ልመለስ፤ ማታ እንተያያለን!» ብሎ በሩን ደርግሞ ወጣ።

ኦይታ አባቱን ከኩሽና አውጥቶ፣ ክንዳቸውን ይዞ፣ ባለመደገፊያው ወንበር ላይ አስቀመጣቸው። ሽማግሌው ትንሽ ተቀመጡበት፣ ተገላበጡበት፣ «ይሄ ሰው ይውጣል፣ ወገብ ይቆርጣል» ብለው ተነሥተው ወደ ፓፓያ ድንጋያቸው ሄዱ። የወጥ ጠብታውን ሲያሳያቸው በጣታቸው ዳሰስ አድርገው፣ «እዚያ ስሄድ ማንም አያየው» አሉ። ቡሉኮው ቁም ሣጥን ውስጥ ገባ፤ ቁልፉ ኦይታ ኪስ ገባ። ልክነሽ ግን የእኅት ነገር ሆኖባት እስኪመሽ ድረስ ተንጎዳጎደች። በመጨረሻ የወንድሟን ሸሚዞች አንድ በአንድ ተኩሳ፣ አጥፋ፣ ሻንጣው ውስጥ ደረደረች። «የወንድሜን ልብስ ተጨማድዶ አላወጣም» አለች፤ ለማንም አልነበረም የተናገረችው። ሻንጣውን ራሷ ተሸክማ ከበሩ ውጭ ቆርቆሮው ሥር አኖረችው፤ ገብታም አለቀሰች። የማርያም ሥዕል ወደ ግድግዳው ተመለሰ።

ፀሐይ ከኮረብታው ጀርባ ልትገባ ስትል ደግፌ መጣ። ጓድን እንዳላገኘው ከአረማመዱ ይታወቃል። በሩ ላይ ሊደርስ ሦስት እርምጃ ሲቀረው አቶ ዳና ከድንጋያቸው ተነሥተው ዱላቸውን በመንገዱ ላይ አጋደሙ።

«ቁሚ!» አሉ። «ማን ነሽ?»

«አንተ ሽማግሌ፣ ዞር በል!» አለ ደግፌ።

«ዘበኛ ነኝ። ጠዋት አንቺ ራስሽ ሾምሽኝ» አሉ አቶ ዳና በረጋ የገበያ አማርኛ። «ዘበኛ ሳይጠይቅ ሰው አያስገባም።»

ለካ ሁሉንም ሰምተዋል። ጠዋትም ሰምተው ነበር፤ ሰምተው የልጃቸውን ድምፅ ሲጠብቁ ዋሉ። ጎረቤቶች አንገታቸውን በአጥሩ ላይ አወጡ፤ የቀበሌው ጸሐፊም ከእነርሱ መሐል ነበር። ሽማግሌው ፊታቸውን ከደግፌ ላይ ሳያነሡ ወደ ቤቱ ተጣሩ፤ «ኦይታ! አንድ ሰው መጣች! ታውቂያታለሽ?»

ኦይታ ደፍ ላይ ቆሟል። አስቴር ከአጠገቡ ናት። ለምን ይደበቃል፣ ፈርቷል። ነገ ሰኞ ነው፤ መሥሪያ ቤት አለ፣ ስብሰባ አለ፣ ይህ ሰው የሚያውቃቸው ሰዎች አሉ። ደሞዙ መቶ ሰባ ሁለት ብር ነው፣ እርሷ ብትቀርስ? ፊቱንም ሊታጠብ አሰኘው። ከዚያ የደግፌን ፊት አየ፤ ያ ፊት «ጋሼ፣ ይግቡ» እስኪባል እየጠበቀ ነበር፤ እንደሚባልም አልተጠራጠረም። ከሁሉ ይልቅ ያናደደው ይህ አለመጠራጠር ነበር።

«አላውቃትም» አለ ኦይታ።

ጎረቤቱ ሁሉ በአንድ ጊዜ ሳቀ። ይህን ጊዜ አልደነገጠም፣ አልተሳሳተም፤ ቃሉን መርጦ ነው የተናገረው፤ አስቴርም ገብቷት እጁን ያዘችው። ደግፌ ሊያርመው አፉን ከፈተ። ትክክለኛው አማርኛ «አላውቀውም» ነው። ቃሉ ምላሱ ላይ ደርሶ ቆመ፤ በዚያ ሁሉ ሰው ፊት ቢያርመው ራሱን በገዛ አፉ ሊያስወጣ ነው። አፉን ዘጋ፣ ጎንበስ ብሎም ሻንጣውን አነሣ።

አቶ ዳና ዱላቸውን ከመንገዱ ላይ አነሡ። ከባርኔጣቸው ጥብጣብ ሥር ጠዋት የተሰጣቸውን ሲጋራ አውጥተው፣ በሁለት እጃቸው ዘረጉለት። «እንኪ» አሉት፣ «ለመንገድሽ።»

ደግፌ አጫሽ ነው። ተቀበላቸው።